አናናሱ ያረረ ቀን

ሰፈሩ ያወጣላት ስም ወይዘሮ ለምን ነው። ስሙ እንዴት ወጣላት ብላችሁ አትጠይቁኝ፤ አንድ ቀን አብራችኋት ብትውሉ ራሳችሁ ታወጡላት ነበር። ሥራዋ መንገዱ ጥግ ባለው የልብስ ንጽህና ቤት ልብስ መተኮስ ነው። ሰው ኮቱን አምጥቶ ገና ከእጁ ሳያወጣ፣ «ይሄ ክርን ለምን ብቻውን ሳሳ? ቢሮ ተደግፈህ ታንቀላፋለህ እንዴ?» ትለዋለች። ሰውየው ክው ይላል። ለምን አይል፣ አለቃው ከኋላው ተራ ይዞ ቆሟል እኮ!

ክፋት የላትም። ማወቅ ትወዳለች፣ በቃ። አንዳንዱ ሰው ጣፋጭ ይወዳል፣ አንዳንዱ እንቅልፍ ይወዳል፣ እሷ ደግሞ «ለምን» ትወዳለች።

እንግዲህ እንዲህ ያለችው ሴት አንድ ረቡዕ የተተኮሰ መጋረጃ ልታደርስ ወደ አንድ ትልቅ ቤት ሄደች። በጓሮ በኩል በወጥ ቤቱ ደጃፍ ስታልፍ ግን እግሯ አልንቀሳቀስ አለ። ነጭ ሽርጥ ያገለደመ ወጥ ሠሪ፣ ፍም ላይ የሽቦ ፍርግርግ ዘርግቶ፣ አናናስ ይጠብሳል። ሥጋ አይደለም፣ በቆሎ አይደለም፣ አናናስ!

«ወንድሜ፣ ምን እያደረግህ ነው?»

«አናናስ እየጠበስኩ።»

«ለምን?»

«እንዲጣፍጥ ነዋ!»

«ድሮስ ይጣፍጥ የለም እንዴ? እሳቱ ምን ይጨምርለታል?»

ወጥ ሠሪው ቀና ብሎ አያት። እንዲህ ያለ ጥያቄ የጠየቀው ሰው አልነበረም መሰለኝ፣ ትንሽ አሰበበት። «ክብ ክብ አድርገሽ ትቆርጪዋለሽ፤ ማር ትቀቢዋለሽ፤ ጨው ነካ ታደርጊበታለሽ፤ ከዚያ እሳት ላይ። አገላብጠሽ ማውጣት ነው፣ ሌላ ጥበብ የለውም።»

«ጨው ደግሞ ለምን?»

«እሱንማ ስትቀምሺው ነው የምታውቂው» አለና ሊያቀምሳት ሹካ አነሳ። ይሄኔ የቤቱ እመቤት ከላይ ተጣሩ። ወጥ ሠሪው መጋረጃውን ከእጇ ነጥቆ ሮጠ፣ በሩም ተዘጋ። ወይዘሮ ለምን ሳትቀምስ ቀረች። ለሌላ ሰው ከቁም ነገር የማይቆጠር ነው፤ ለእሷ ግን ጫማ ውስጥ እንደገባ ጠጠር ሆነባት። እሳት ምን ይጨምርለታል? ጨውስ ለምን? እያለች ቤቷ ገባች።

ባሏ ዳቦ ጋጋሪ ነው። ጋጋሪ ስላችሁ እንዲሁ እንዳይመስላችሁ፤ የዳቦ ቤቱን ምድጃ የያዘ ሰው ነው። ሌላው ሰዓት ያያል፣ የምድጃውን በር እየከፈተ ያጮልቃል፤ እሱ ግን ጀርባውን ሰጥቶ ሌላ ሥራ ሲሠራ ይቆይና ድንገት አፍንጫውን ቀና አድርጎ «አውጡ!» ይላል። ሲያወጡት ዳቦው አንድ ደቂቃ ያልቸኮለ፣ አንድ ደቂቃ ያልዘገየ ነው። በዚህ ሥራ ጸጉሩ ሸብቷል።

ከሁለት ወር በፊት አንድ ክፉ ጉንፋን ጣለው። ትኩሳት፣ ሳል፣ ምን አለፋችሁ፣ ሳምንት ሙሉ አልጋ ላይ ዋለ። እግዜር ይመስገን ተነሳ። ከተነሳ ወዲያ ግን አዲስ አመል አመጣ፦ ምግብ ማመስገን። ድሮ «ደህና ነው» ከሚል ቃል አልፎ የማያውቅ ሰው፣ ተራ የድንች ሾርባ ስታቀርብለት «እጅሽ ይባረክ! ዛሬስ ከራስሽ በለጥሽ!» ይላታል። ለምን የምትለዋ ሴት ይህችን ለምን ሳትላት ቀረች። ሙገሳን ማን ይጠላል? ሞትን ደጃፍ ላይ አይቶት ስለተመለሰ ነው ሚስቱን ያወቀው ብላ በሆዷ ደስ ብሏት ከረመች።

የዚያን ረቡዕ ማታ ባልየው ገብቶ ጫማውን እየፈታ፣ «እሁድ እትዬ ምሳ ሊመጡ ነው» አላት። እትዬ የዳቦ ቤቱ ባለቤት ናቸው።

«እትዬ? እኛ ቤት? ለምን?»

«አዲሱ ዳቦ ቤት ሊከፈት ነው። ትልቁን ምድጃ ለኔ ሊሰጡኝ አስበዋል። ቤት መጥቼ ከሚስትህ ጋር ሆነን እናውራበት ብለዋል።»

እልል ልትል አፏን ከፍታ ነበር። እሱ ግን ነገሩን ያወራው የሰው መርዶ እንደሚያረዳ ሰው ነው። «እስቲ ይሁና» ብሎ እግሩን ሊታጠብ ሄደ። ደክሞት ነው አለች። ሦስት ምድጃና ስድስት ጋጋሪ የሚያዝ ባል በዓይኗ እየታያት፣ ላም አለኝ በሰማይ የሚለውን ተረት ረስታ፣ ላሚቱን ማለብ ጀመረች።

አሁን ጭንቁ፣ ከምሳ በኋላ ለእትዬ ምን ይቅረብ? ኬክ እንዳይባል የኬክ ባለቤት ናቸው፤ ለወንዝ ውሃ መቅዳት ነው የሚሆነው። ብስኩትም ያው። ሐሙስን በዚህ ሐሳብ ዋለች። ዓርብ እለት አንድ ሱሪ እየተኮሰች ሳለች ካውያውን ይዛ ቀጥ አለችና፣ «አናናስ!» ብላ ጮኸች። የሱሪው ባለቤት ሱሪዬ ተቃጠለ ብሎ ደነገጠ።

ቅዳሜ ከሥራ መልስ ሦስት አናናስ ገዝታ በረንዳዋ ላይ ከሰል አያያዘች። በረንዳ ስላችሁ፣ ሁለት ሰው ጎን ለጎን ከቆመባት ሦስተኛውን የምታባርር በረንዳ ናት። ፍሙ ቀላ፣ ፍርግርጉ ተዘረጋ። የሙያ ነገር ሆኖባት ጣቷን ውሃ ነክራ ጠብ አደረገችበት፤ ሽቦው ጪስስ አለ። ካውያም የሚፈተነው እንዲሁ ነው። አናናሱን ክብ ክብ አድርጋ ቆረጠች፣ ማር ቀባች፣ ጨው ነካ አደረገች፣ ደረደረች። ቀጥሎ እጇ ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ከሥራ ቦታ የመጣች ነጭ ጨርቅ አንስቶ፣ ውሃ ነክሮ፣ ጨምቆ፣ አናናሱ ላይ ዘረጋባት!

አትፍረዱባት። ሙያዋን ያስተማሯት አሮጊት ከሁሉ አስቀድመው የነገሯት፣ «እሳትና ሱፍ ፊት ለፊት አይተያዩም፤ በመሃላቸው እርጥብ ጨርቅ ይግባ» የሚል ነው። ዕድሜ ልኳን እንዲያ ስታደርግ የኖረች እጅ አናናስና ሱፍ መለየት ከየት ያመጣል?

እንፋሎቱ ጢስ እስኪመስል ተነሳ። ጨርቁን ስትገልጠው አናናሱ ገርጥቶ፣ ላልቶ፣ ውሃ አቁሮ ተኝቷል። ባልየው ከበሩ ሆኖ አይቶ ሳቁ አመለጠው።

«አንቺ ሴት! የሱፍ ሱሪ አደረግሽው እኮ! በይ መስመሩንም አውጪለትና ነገ ልልበሰው!»

«ዝም በል!» ብላ በጨርቁ ሸነቆጠችው፣ እሷም እየሳቀች። እሱ አንዷን ክብ በእጁ አንስቶ ጎረሰ። «ቢሆንም ሲጣፍጥ! እጅሽ ይባረክ!» አለና ሁለተኛዋን ደገመ።

እሷ አንድ ጊዜ ነክሳ እንትፍ አለችው። የጨርቁ በረኪና አናናሱ ውስጥ ገብቶ አፍ አያስገባም፤ ልብስ ማጠቢያ ገንዳ መጠጣት ነው።

«እውነት ጣፈጠህ?»

«በጣም እንጂ!»

ከንፈሩን ጠርጎ ወደ ውስጥ ገባ። ወይዘሮ ለምን እርጥብ ጨርቋን እንደያዘች ቀረች። አፏ ላይ የመጣውን ጥያቄ ዋጠችው፤ እንግዳ ሊመጣ ነው፣ ቤት አልተጸዳም። ጥያቄው ግን አብሯት አደረ።

እሁድ ጠዋት ሁለተኛው ሙከራ ተጀመረ። አሁን ጨርቅ የለም፤ እሳትና አናናስ ፊት ለፊት ይተያዩ ተባለ። ማሩ ሽቦው ላይ ይንጣጣል፣ ሽታው ደስ ይላል። ይሄን የመሰለ ነገር በተሰበረ ሳህን አይቀርብም ብላ፣ ከታች ካለችው ጎረቤት ሰፊ ሳህን ልትዋስ ተነሳች።

«አንተዬ፣ እስክመለስ አናናሱን እያየህ።»

«እሺ ሂጂ» አለ። በረንዳው ላይ ተቀምጦ ፊቱን ወደ መንገዱ አዙሮ ጫማውን ይወለውላል። የከሰሉ ምድጃ ከጀርባው ነው፣ እጁን ቢዘረጋ ይደርስበታል።

ጎረቤቷ ሳህኑን ሰጠቻት። ይዞ መመለስ ሲቻል፣ ሳህኑ ጠርዝ ላይ ያለችው አበባ ለምን አንድ ቅጠል ጎደላት ብላ ጠየቀች። ጎረቤትየዋም የሳህኑን ታሪክ ከሠርጓ ቀን ጀምራ ተረከችላት። ወሬው ሳያልቅ ጎረቤትየዋ አፍንጫዋን ሰብሰብ አድርጋ፣ «ምን የሚያር ነገር አለ? ኧረ ቤት እየተቃጠለ ነው!» አለች። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይሄ ነው። ወይዘሮ ለምን ሳህኑን አቅፋ ደረጃውን በረረች።

ደረጃው በሙሉ ይሸታል። የቤቷ በር ሲከፈት ነፋሱ ወደ ውስጥ የነዳው ጢስ ዓይን አያስገልጥም። በረንዳው ላይ ደግሞ ባሏ ተቀምጧል። አናናሱ ከጀርባው ከሰል ሆኗል፣ ማሩ ነዶ ጥቁር ሆኖ ይንጠባጠባል፣ እሱ ሁለተኛውን ጫማ ይዞ ያፏጫል።

«አረረ እኮ! አረረ!»

ከመቀመጫው ዘሎ ተነሳ፤ ዞር ብሎ ሲያየው ፊቱ አመድ መሰለ። «ይቅርታ፤ አላየሁትም።»

«ማየት ምን ያደርግልሃል? አይሸትህም እንዴ?»

«ጉንፋኑ ነገር ገና…»

ወይዘሮ ለምን ዝም አለች። እሷ ስትጠይቅ አትፍሯት፤ ዝም ስትል ነው መፍራት። ይህ ሰው ከመኝታ ቤት ሆኖ ወተት ሊገነፍል ነው እያለ ሲጣራ የኖረ ሰው ነው። ወደ ውስጥ ገባች፣ የወጥ ቤቱን በር ከፍታ ዘጋች፣ ከጀርባዋ የሆነ ነገር ደብቃ ተመልሳ መጣች።

«ዓይንህን ጨፍን።»

«ምነው፣ እንግዳ እየመጣ ጨዋታ አማረሽ?»

«ጨፍንልኝ አልኩህ እኮ!»

ጨፈነ። ሽንኩርት ላጠችና አፍንጫው ሥር አደረገችለት። «ሽንኩርት» አለ ቶሎ ብሎ። ሲላጥ ድምፁን ሰምቷል፣ ዓይኑንም አቃጥሎታል፤ ይሄ አይቆጠርም። ኮምጣጤ አቀረበች። ቆየና «ኮምጣጤ» አለ፤ እሱም ጉሮሮ ይቆነጥጣል። ሦስተኛ ጊዜ መዳፏን አፍንጫው ድረስ አስጠግታ፣ «ይሄስ?» አለችው።

ወደ ውስጥ ሳበ። ግንባሩ ተኮማተረ። እንደገና ሳበ።

«ሎሚ» አለ።

መዳፏ ባዶ ነበር።

ዓይኑን ገልጦ ባዶ እጇን አየ። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይባላል። እሷም እሱም እዚያች ጠባብ በረንዳ ላይ ያረረ አናናስ በመሃላቸው አድርገው ቆሙ።

«ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ከጉንፋኑ ወዲህ።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ዛሬ ይመለሳል፣ ነገ ይመለሳል ስል… ከዚያ ቀናቱ በዙ። ከበዙ ወዲያ ደግሞ እንዴት ብዬ ልንገርሽ?»

«ምድጃውስ? ዳቦውስ?»

«በሰዓት ነው የማወጣው። በሩን እየከፈትኩ በዓይኔ አያለሁ፤ ሙቀቱ እያመለጠ ዳቦው ይገረጣል። አንድ ቀን አንድ ምድጃ ሙሉ አረረብኝ። እትዬ ምድጃው አርጅቷል ብለው ምድጃውን ረገሙት። አጠገባቸው ቆሜ ዝም አልኩ።»

«እጅሽ ይባረክ ስትለኝ የከረምከውስ?»

አሁንማ አንገቱን ደፋ። «እንዳታውቂብኝ ብዬ ነው።»

ሆድ ባሳት። ከዳቦውም ከምድጃውም በላይ ይህቺ ቆረጠቻት። ሁለት ወር ሙሉ እየዘፈነች ያበሰለችው ሁሉ ለማን ነበር? ልትጮህበት ፈለገች፤ ከዚያ ግን ያ አመሏ ቀደማት።

«ታዲያ ስትበላ ምን ይሰማሃል?»

እሱም ይህን እንድትጠይቀው ሲጠብቅ የኖረ ይመስል በርጩማው ላይ ተቀመጠና መናገር ጀመረ። ጨው ያው ጨው ነው። ስኳርም ስኳር ነው፣ ቃሪያም ያቃጥላል። የተቀረው ጥጥ ማኘክ ነው። ሥጋና እንጉዳይ አንድ ናቸው። ብርቱካን ጣፋጭና ኮምጣጣ ውሃ ነው እንጂ ብርቱካን አይደለም። «ሙዝስ?» አለችው። ለስላሳ ነገር። «ሳሙናስ?» ምንም። «ላብስ?» ምንም። «ሰው ሲቆጣ ይሸተኛል ስትል አልነበር?» ሳቀ፤ እሱም ጠፋ። ይሄን ሁሉ ለብቻው ተሸክሞ ሲዞር መክረሙን ስታስበው ንዴቷ ሟሟ፤ አንጀቷን በላት።

ሰዓቱ ግን አይጠብቅም። አንድ አናናስ ቀርቷል፣ እትዬ እየመጡ ነው።

«አውጥተህ ሁሉን ትነግራቸዋለህ?» አለችው።

«እንጃ።»

«ዛሬን ብቻ እንለፋት! ነገ አፍንጫህ ቢመለስስ? ምድጃው ለሌላ ሰው ከተሰጠ በኋላ ቢመለስ ምን ይበጀናል? እኔ አጠገብህ ነኝ። ስለ ሽታ ከተነሳ እኔን እየኝ፤ መጥፎ ሽታ ከሆነ ሻሼን እነካለሁ።»

«ሌባ ልታደርጊኝ ነው?»

«ያጣኸውን ነው የምመልስልህ እንጂ!»

ትክ ብሎ አያት። «እሺ፤ አንቺን ደስ ይበልሽ» አለ።

የመጨረሻውን አናናስ እሱ ራሱ ጠበሰው። ጀርባውን አልሰጠም፣ ዓይኑንም አልተከለበትም፤ ጎንበስ ብሎ ጆሮውን ወደ ፍርግርጉ አዘነበለ። መጀመሪያ ይንጫጫል፤ ውሃው ነው አላት። ጥቂት ቆይቶ ድምፁ ቀጠነ፤ አሁን ማሩ ብቻ ቀርቷል አለና አገላበጠ። የተገለበጠው ፊት ቡናማ መስመር አውጥቷል፣ ጠርዙ ጠቆር ብሏል። ወይዘሮ ለምን ተገርማ፣ «ታዲያ ምድጃውንስ በጆሮህ አትይዘውም?» አለች። ራሱን ነቀነቀ። የምድጃው በር ወፍራም ብረት ነው፤ ምንም አያሰማም።

እትዬ በሰዓታቸው መጡ። ሰፋ ያሉ፣ ትንፋሽ የሚያጥራቸው፣ ደረጃውን የረገሙ ሴት ናቸው። በክንዳቸው በፎጣ የተጠቀለለ ነገር ይዘዋል። ሩዝና ዶሮ ተበላ፣ ስለ አዲሱ ቤት ተወራ፤ ባልየው አንድም ቃል ሳያሳምር «አዎ»ና «እሺ» እያለ ከሳህኑ ጋር ተፋጠጠ። ከዚያ አናናሱ በተውሶው ሳህን ላይ ቀረበ።

«ይሄ ደግሞ ምንድነው?» አሉ እትዬ።

«አናናስ ነው እትዬ። እሳት ያየ።»

«እሳት ያየ? አሁን ይሄን ማን አሰበው?» ብለው ጎረሱ። ማኘካቸውን ቀስ አደረጉ። ሁለተኛውን አነሱ። ሦስተኛው ላይ ጣታቸውን ላሱ። «ጉድ ነው እቴ! ይሄን ሳላውቅ ነው የሸመገልኩት?»

ወይዘሮ ለምንም በተራዋ ቀመሰች። ከረቡዕ ጀምሮ ያስጨነቃት ጥያቄ አሁን አፏ ውስጥ ተመለሰ። እሳቱ የሚጨምረው ይሄ ኖሯል! ያ ጥርስ የሚያጠርሰው ኮምጣጣነት ገርቷል፤ ጠርዙ ላይ የተቃጠለው ማር ምላስ ላይ መረር ብሎ ይጀምርና ወደ አፍንጫ ይወጣል፤ ጨው ደግሞ ጣፋጩን ከሥር እየገፋ ያወጣዋል። ደስታዋ ሙሉ ሊሆን ሲል ባሏን አየችው። እሱም ያኝካል። ወደ አፍንጫ የሚወጣው ግማሹ ነገር እሱ ዘንድ አይደርስም። ጉንፋኑ የወሰደበት ይሄንን ነው። እስከዚያች ሰዓት ድረስ ያጣውን ነገር በቃል ነበር የምታውቀው፤ አሁን በአፏ አወቀችው። ሁለተኛ ቁራጭ አላነሳችም።

እትዬ እጃቸውን ጠራርገው ፎጣውን ፈቱ። ሁለት ዳቦ ነው።

«ከአዲሱ ምድጃ የወጡ ናቸው፤ ለሙከራ። እኔ አንዱ ደስ አላለኝም፤ ሰዎቹ ደግሞ ልዩነት የላቸውም ብለው ተከራከሩኝ። እኔም ዳኛ አለኝ አልኳቸው። በል አሽትትና ፍረድልኝ።»

ዳቦዎቹ መልካቸው አንድ ነው፣ ቁመናቸው አንድ ነው። ወይዘሮ ለምን ግን ከጠረጴዛው ማዶ ሆና እንኳ ሽታው ይደርሳታል፤ ሁለተኛው ሊጡ አልፎበት ኮምጥጧል። ባልየው የመጀመሪያውን አንስቶ እንደ ድሮው አፍንጫው ጋ አደረገ። አስቀመጠው። ሁለተኛውን አነሳ። የሷ እጅ ወደ ሻሿ ሄደ። ነካችው። እንደገና ነካችው።

እሱ አላያትም። ዓይኑን ጨፍኖ፣ ዳቦውን ፊቱ ላይ እንደያዘ ቆየ። ከዚያ ዳቦውን ጠረጴዛው ላይ ቀስ አድርጎ መለሰው።

«እትዬ፣ አይሸተኝም።»

«ምነው፣ ጉንፋን ያዘህ?»

«ለቆኛል። ሲለቀኝ ሽታውን ይዞት ሄደ። ሁለት ወር ሆነው።»

እትዬ እጃቸው አየር ላይ ቀረ። «ሁለት ወር? ያ ያረረው ዳቦስ?»

«ምድጃው አልነበረም። እኔ ነኝ።»

«እኔ ያን ምድጃ ስረግም አጠገቤ ቆመህ አልነበር?»

«ነበርኩ እትዬ።»

እትዬ በንዴት አንድ አናናስ አንስተው ጎረሱ፤ ተናደውም ቢሆን ጣፈጣቸው መሰለኝ፣ እስኪጨርሱት አልተናገሩም።

«ሰው በአፍንጫው አይጠየቅም» አሉ በመጨረሻ። «የሚጠየቀው በአፉ ነው። ያን ቀን ብትነግረኝ ሌላ ነበር። አሁን ግን አዲሱን ምድጃ አልሰጥህም። የድሮውንም ከነገ ጀምሮ ሌላ ሰው ይይዘዋል። አንተ ሊጥ ላይ ትገባለህ፤ እጅህን እንደሆነ ጉንፋን አልነካውም። ቀርተህ እንዳላይ!»

«እሺ እትዬ» አለ።

ወይዘሮ ለምን ተነሳች። «እትዬ፣ እስቲ ትንሽ ቢታገሱት፣ ሐኪምም እኮ…»

«አንቺ ደግሞ» አሏት እትዬ፣ «ቅድም ሻሽሽን ስትነካኪ የነበረው ለምንድነው?»

ፊቷ ነደደ። በሕይወቷ ስንቱን ለምን ብላ ያፋጠጠች ሴት መልስ አጥታ ቁጭ አለች። እትዬ ጥቂት አዩዋትና አፋቸው ዳር ላይ ፈገግታ ብልጭ ብሎ ጠፋ። ቦርሳቸውን አነሱ። ደጃፍ ላይ ሲደርሱ ዘወር ብለው፣ «ጨው ነው አይደል የተደረገበት?» ብለው ጠየቁና ደረጃውን እየረገሙ ወረዱ።

ሁለቱ ቀሩ። ባልየው በረንዳ ላይ ወጥቶ በርጩማው ላይ ተቀመጠ። ፍሙ አመድ ለብሷል። ትልቁ ምድጃ ሄደ፣ ትንሹም ሄደ፤ ነገ ከሊጥ ጋር ሲታገል የሚውለው ከትናንት ወዲያ ያስተማራቸው ሰዎች መሃል ነው። እሷ ሳህኖቹን ጠረጴዛው ላይ ጥላ ተከተለችው። ልትቆጣው አሰበች፣ ይቅርታ ልትጠይቀው አሰበች። ሁለቱም አልሆነላትም።

«ለምን አላየኸኝም? እየነካሁልህ ነበር እኮ።»

«አውቄ ነው ያላየሁሽ። ባይሽ እዋሽ ነበር።»

አጠገቡ ተደግፋ ቆመች። ታች መንገድ ላይ ሰዎች የእሁድ ልብሳቸውን ለብሰው ያልፋሉ፤ የአንዳንዱን ኮት የተኮሰችው እሷ ናት። ስለ ምድጃው መጠየቅ ፈርታ ዞራ ዞራ መጣች።

«ከጠፋብህ ሽታ ሁሉ የትኛው ናፈቀህ? ዳቦው ነው አይደል?»

«አይደለም።»

«ታዲያ ምኑ?»

እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ቁልቁል ወደ መንገዱ አየ።

«ማታ ከሥራ ስገባ ገና በሩን ስከፍት ጠረንሽ ይቀበለኝ ነበር» አለ። «ሳሙናው፣ እንፋሎቱ፣ ከሥሩ ደግሞ አንቺ። ቤቴ መግባቴን የማውቀው በሱ ነበር። አሁን በሩን ከፍቼ እገባለሁ፤ ወንበሩም አለ፣ አልጋውም አለ፣ አንቺም አለሽ፤ ቤቱ ግን የሰው ቤት ነው። ሌሊት ፊቴን አንገትሽ ሥር ቀብሬ እስባለሁ፤ ምንም የለም። ዳቦውንስ ሌላ ሰው ይጋግረው። እኔን ግን፣ ሁለት ወር ሙሉ አጠገቤ ተኝተሽ ናፍቀሽኛል።»